እናታቸውን ከፊልም አልቆርጥም ያሉት ሴቬሪን ኩባላ

በዚህ ብርድ ከእኛ ጋር የቆማችሁ ወዳጅ ዘመዶች ሆይ፣ የአቶ ሴቬሪን ኩባላን ሕይወት እንደምናውቀው እንነግራችኋለን። እርሳቸው ረጅም ንግግር አይወዱም ነበር፤ ዛሬ ግን አቋርጠው ሊያስቆሙን አይችሉምና ጥቂት ብናረዝም ታገሡን።

አቶ ሴቬሪን ከአባታቸው ከአቶ ቴዎፊል ኩባላና ከእናታቸው ከወይዘሮ ጄኖቬፋ በ1938 እ.ኤ.አ. በፖላንድ፣ በጨርቃ ጨርቅ በምትታወቀው በዉች ከተማ ተወለዱ። አባታቸው በጦርነቱ ተወስደው ሳይመለሱ በመቅረታቸው፣ እናታቸው በሽመና ፋብሪካ ተቀጥረው ብቻቸውን አሳደጓቸው። በፋብሪካው የሽመና መኪናው ጩኸት ጆሮ ስለሚያደነቁር ሸማኔዎቹ እርስ በርስ የሚግባቡት ከንፈር በማየት ነበርና፣ ወይዘሮ ጄኖቬፋም ቤት ገብተው ይህንኑ ልማድ ስለማይተዉ፣ ልጃቸው ፊደል ሳይቆጥሩ የሰው ፊት ማንበብ ቻሉ። በኋላም እዚያው ከተማቸው የፊልም ትምህርት ተምረው በማዕረግ ተመረቁ።

ፊልም እየቆረጡ ከሚያቀናብሩት ከወይዘሮ ቦግና ጋር በቤተ ክርስቲያን ጋብቻቸውን ፈጽመው ልጃቸውን ማልቪናን ከወለዱ በኋላ፣ በ1971 የመጀመሪያ ረጅም ፊልማቸውን ሠሩ። ፊልሙ ስለ ሸማኔ ሴቶች ሲሆን፣ ልቡ ያለው ሴቶቹ የሽመና መኪናቸውን አቁመው በዝምታ በሚቀመጡበት ትዕይንት ላይ ነው፤ ከመካከላቸውም እናታቸው ወይዘሮ ጄኖቬፋ ራሳቸው ተቀምጠዋል።

በዚያ ዘመን የአገራችን ፊልም ሠሪዎች አንድ ብልሃት ነበራቸው። ፊልም ለሕዝብ ከመታየቱ በፊት የሚፈትሹት የመንግሥት መርማሪዎች አንድ ነገር ሳያስቆርጡ እንደማይለቁ ስለሚያውቁ፣ እንዲቆረጥ ብለው ብቻ አንድ ድፍረት የበዛበት ትዕይንት ይጨምሩ ነበር። አቶ ሴቬሪንም የሰከረ ሹም ለዝይ መንጋ ስለ እቅድ ዘመኑ ንግግር ሲያደርግ ቀርጸው አስገቡ። ታዲያ ምን ይሆናል! መርማሪዎቹ ሹሙን አይተው እንባቸው እስኪወርድ ሳቁና እርሱን ለቀው፣ የሸማኔዎቹ ዝምታ ግን አድማ ይመስላልና ይቆረጥ ብለው አዘዙ። አቶ ሴቬሪን አልቆርጥም አሉ፤ ፊልሙም መደርደሪያ ላይ ተጣለ፤ እርሳቸውም ዳግመኛ ረጅም ፊልም እንዳይሠሩ ተከለከሉ።

ከሁሉ የከበደው ግን የእናታቸው ነገር ነበር። ወይዘሮ ጄኖቬፋ ፊልም ላይ እንዳሉ ለጎረቤት ሁሉ ተናግረው ስለነበር፣ ከበላያቸው ፎቅ ላይ የሚኖሩት ወይዘሮ ፔላጊያ ደረጃው ላይ ባገኟቸው ቁጥር፣ «እሜቴ ተዋናይት፣ ፊልሙ እስካሁን አልበሰለም እንዴ?» እያሉ ይወጓቸው ጀመር። በዋሾነት ስማቸው ተነሣ፤ ለወትሮው የማይቀሩበትን የሰፈር ድግስም እስከ መተው ደረሱ። እንዲያም ሆኖ የልጃቸው ሥራ ማጣት ስላንገበገባቸው፣ አንድ እሑድ ሾርባ እየጨለፉ፣ «ቁረጠኝና ገላግለኝ! እኔ ፋብሪካ እንጂ ፊልም ምን አገባኝ? ልጅህን አብላ» አሏቸው። አቶ ሴቬሪን ግን፣ «እማዬ፣ ሾርባው ጨው አንሶታል» ብለው መለሱ፤ ነገሩም በዚያው አበቃ። ልበ ደረቅ ነበሩ፤ እኛም ያን ጊዜ ተቆጥተናቸዋል።

ለአሥር ዓመት ያህል ስለ ጥርስ ንጽሕና የሚያስተምሩ አጫጭር የልጆች ፊልሞች እየሠሩ ቤታቸውን አኖሩ። ባለቤታቸውም አንድም ቀን ቁረጥ ሳይሏቸው ጎናቸው ቆሙ።

ሠራተኛው በመንግሥት ላይ በተነሣበት ጊዜ፣ በ1981፣ ፊልሙ ከመደርደሪያው ወረደና በዉች ታየ። አዳራሹ በሸማኔዎች ሞላ፤ ወይዘሮ ፔላጊያም አልቀሩም። በሰካራሙ ሹም እንደ መርማሪዎቹ ሁሉ ሕዝቡም ከልቡ ሳቀ። የሴቶቹ ዝምታ ሲመጣ ግን አዳራሹ ጸጥ አለ፤ የወይዘሮ ጄኖቬፋ ፊት መጋረጃውን ሲሞላውም ወይዘሮ ፔላጊያ ከሁሉ ቀድመው ከወንበራቸው ተነሡ፤ ሰውም ተከትሏቸው ቆመ። ያን ጊዜ ወይዘሮ ጄኖቬፋ ዞር ብለው ጮክ ባለ የፋብሪካ ድምፃቸው፣ «ፔላጊያ፣ ተቀመጪ እንጂ! ከኋላ ያሉት አላዩኝም!» አሉ። አቶ ሴቬሪን ያለቀሱት ያን ጊዜ ብቻ ነው።

ከዚያ ወዲህ ሌሎች ስድስት ፊልሞች ሠርተዋል፤ ሽልማትም አግኝተዋል። በመምህርነታቸውም ተማሪዎቻቸውን፣ «ለመቆረጥ ብላችሁ ምንም አትቅረጹ፤ ሰው የቱን እንደሚወድ አታውቁም» እያሉ ይመክሩ ነበር። እነዚያ ተማሪዎች ዛሬ ሣጥናቸውን ተሸክመዋል።

አቶ ሴቬሪን ባደረባቸው የሳንባ ሕመም ሲታከሙ ቆይተው፣ በተወለዱ በ81 ዓመታቸው ባለቤታቸው እጃቸውን ይዘው ሳለ ዐረፉ። ባለቤታቸውን ወይዘሮ ቦግናን፣ ልጃቸውን ማልቪናንና ሁለት የልጅ ልጆችን ትተዋል። ከእነዚያ ሸማኔዎች በሕይወት ያሉት ወይዘሮ ኢሬኔያና ወይዘሮ ሎንጊና፣ «እኛንም ከቤተሰብ ቁጠሩን» ስላሉ፣ እነሆ ቆጥረናቸዋል።

ሁሉን የምታይ አምላክ ሆይ፣ የአገልጋይህን የሴቬሪንን ነፍስ በሰላም ተቀበል። ሲያሳቅም ሲያስለቅስም የኖረውን ዘመናቸውን ሁሉ፣ አንዲት ቀን ሳታስቀር ተመልከትላቸው። አሜን።