እትዬ ቬልማ፣ የውቤ በረሃ ልጆች አሳዳጊ

የተከበራችሁ አባቶችና እናቶች፣ ሰፈራችን ሲፈርስ በየአቅጣጫው ተበትናችሁ ዛሬ ታክሲ እየቀያየራችሁ የመጣችሁ ጎረቤቶች፤ እግዜር ያጽናችሁ። ፀሐዩ በርትቷል፤ እኔም አርጅቻለሁ፤ አላረዝምም።

ሙሉዓለም እባላለሁ። እትዬ ቬልማ የማኅበራዊ አገልግሎት መምህሬ ነበሩ፤ ኋላም ባልደረባዬ። ጥቁር አሜሪካዊት ናቸው፤ ያደጉት ጥቁር ሰው በፊት በር በማይገባበት ከተማ ነው። እዚያ የድሃ ልጆችን አስተማሩ። በጃንሆይ ዘመን እኛን ሊያስተምሩ መጡ፤ በዚያው ቀሩ።

ያኔ የነበራችሁ ታስታውሳላችሁ? ተማሪዎቻቸውን አስከትለው ውቤ በረሃ፣ ቡና ቤት ገቡ። እኛ አፍረን በር ላይ ቆምን። እሳቸው ሄደው አስተናጋጇ የሺ አጠገብ ተቀመጡ።

«ልታስተምሪኝ ነው የመጣሽው?» አለቻቸው።

«አይደለም። የቸገረሽ ነገር ምንድን ነው?»

የሺ ወንበሯን ወደሳቸው አስጠጋች። ከዚያ፣ «ልጄን ከአልጋው እግር ጋር አስሬ ነው ሥራ የምገባው» አለች።

በማግስቱ እትዬ ቬልማ የሳሎናቸውን ወንበሮች አውጥተው ምንጣፍ አነጠፉ። የሕፃናት መዋያው እንዲህ ተጀመረ። እዚያ ምንጣፍ ላይ ዳዴ ያላችሁ ስንት ናችሁ?

ዘመን ተለወጠ። ያገራቸው ሰዎች ሄዱ፤ እሳቸው አልሄዱም። አንድ ሹም መጥቶ «ቤቱ ለስብሰባ ይፈለጋል» አላቸው።

«እሺ፤ ይረከቡኛ!» ብለው የሚያለቅስ ሕፃን አስታቀፉት። ሌላም ጨመሩለት። ቢያባብል፣ ቢያባብል፣ ማን ዝም ይበለው! በመጨረሻ አንዱ ሸናበት። ኮቱን እያራገፈ ወጣ፤ አልተመለሰም።

እናንተ ሳቁ፤ ግድ የለም። እኔ ግን ከሄደ በኋላ አይቻቸዋለሁ። በሩን ቆልፈው፣ ሕፃኑን አቅፈው ከበሩ ጋር ተደግፈው ነበር።

ደክሟቸው ነበር። በስተርጅና ሰፈሩ ሲነሣ ከከተማው ዳር ኮንዶሚኒየም ገቡ፤ እዚያም አንዷን ክፍል መዋያ አደረጓት።

«እስከ መቼ ነው እትዬ?» አልኳቸው።

«እናቶቹ ሥራ መግባት እስኪተዉ» አሉኝ። ደክሟቸው ነበር እኮ!

ማክሰኞ ሆስፒታል አጠገባቸው ነበርኩ። ዓይናቸውን ገለጥ አድርገው፣ «ሙሉ፣ ልጆቹን ማን ይዟል?» አሉኝ።

«ሸፊቃ አለች» አልኳቸው። ሸፊቃ እዚያው መዋያ ያደገች ናት። ዛሬም እዚህ አልመጣችም፤ ከልጆቹ ጋር ናት።

«እንግዲያው ትንሽ ልተኛ» አሉ።

መምህሬ፣ እኛም ደክሞናል። ነገ ጠዋት ግን የመዋያውን በር እንከፍታለን። ከእንግዲህ ማንም አይቀሰቅስዎትም። ይተኙ እትዬ ቬልማ፤ ይተኙ።