አራት ሚሊ ሜትር በዓመት

ወንድም ጋሼ፣ ስብሰባ ላይ ሁልጊዜ ከኋላ፣ በሩ አጠገብ እንደምትቀመጥ ስለነገርከኝ መጀመሪያ ያየሁት ወደዚያ ነው። ወንበርህ ላይ የግዥ ክፍሉ ሰውዬ ተቀምጠውበታል። ቅር እንዳይልህ፣ ቦታ ጠፍቶ ነው። ይህን ንግግር ማድረግ የነበረብህ አንተ ነህ። ስላልመጣህ እኔ ልናገርልህ ነው። ከተሳሳትኩ እንደ ቤታችን ከመሃል ገብተህ አታርመኝ፤ ሰው ፊት ነው ያለሁት።

ክቡር ዋና ዳይሬክተር፣ ክቡራትና ክቡራን የመሥሪያ ቤቱ ሠራተኞች፣ ከክፍል አስፈቅዳችሁ ስለጠራችሁኝ፣ ለስላሳውንም ማይክሮፎኑንም ስላዘጋጃችሁ አመሰግናለሁ። በዚህ መሥሪያ ቤት የሞተ ሰው የስንብት ንግግር ሲያደርግ የመጀመሪያው እንደሆነ ተነግሮኛል። በታናሽ ወንድሙ በኩልም ቢሆን።

እንዴት እዚህ እንደደረስኩ ለማታውቁት ልንገራችሁ። ወንድሜ እዚህ አሥራ አንድ ዓመት ተራራ ሲለካ ኖሮ፣ ከሁለት ወር በፊት በሦስት ቀን ሕመም አረፈ። ብዙም ሳይቆይ ከአስተዳደር ተደወለልኝ። «ወንድምህ ክሊራንስ ሳያዞር ነው የሄደው» ተባልኩ። እውነት ነው፣ ቸኩሎ ነበር። ስለዚህ ከትምህርት ቤት ስወጣ እየመጣሁ እኔ አዞርኩለት። ከየክፍሉ «ዕዳ የለበትም» የሚል አሥራ ሁለት ፊርማ ነው።

ቅጹ ላይ «የመልቀቂያ ምክንያት» የሚል አለ። ሦስት ሳጥን ነው፦ ጡረታ፣ ዝውውር፣ በራስ ፈቃድ። ሞት የለም። ጸሐፊዋ እስክሪብቶዋን ይዛ ብዙ አሰበች።

«ጡረታ እንዳንለው ሠላሳ አራት ዓመቱ ነው» አለች።

«በራስ ፈቃድስ?» አልኳት።

«እሱማ ማመልከቻ ይፈልጋል።»

ዝውውር ላይ ምልክት አደረገች። «የተዛወረበት ቦታ» የሚለውን ግን ባዶውን ተወችው። ደግ ሴት ናት።

ተራ ቁጥር አሥራ አንድ ደግሞ «ለባልደረቦቹ የስንብት ንግግር አድርጓል» ይላል። ይኸው፣ እያደረገ ነው።

ለመሆኑ ተራራ ይለካል? የክፍሌ ልጆች «ወንድምህ ሥራው ምንድን ነው?» ሲሉኝ «ተራራ ሲያድግ ይጠብቃል» እል ነበር። ይስቁብኛል። እኔም ስላልገባኝ አብሬ እስቅ ነበር። አንድ እሑድ ሁለቱን የስፖንጅ ፍራሾቻችንን መሬት ላይ ጫፍ ለጫፍ አጋጠመና «ግፋ» አለኝ። እኔ ከዚህ፣ እሱ ከዚያ ገፋን። መሃሉ ተነሳ።

«ይኸው ነው» አለኝ። «ሁለት አህጉር እየተቀራረበ ይመጣል። መጀመሪያ መሃላቸው ባሕር አለ። የባሕሩ ወለል ከባድ ስለሆነ ከአንዱ ሥር ገብቶ ይሰምጣል፣ ባሕሩም እየጠበበ ይሄዳል። በመጨረሻ የብስ ከየብስ ይገናኛል። ጉዱ ያኔ ነው።»

«ያኔስ ማን ይሰምጣል?»

«ማንም። ሁለቱም ቀላል ናቸው። ቀላል ነገር እሺ ብሎ አይሰምጥም። ይገፋፋል፣ ይታጠፋል፣ ይደራረባል፣ ወደ ላይ ይወጣል። ከሚታየው የሚበልጠው ደግሞ እንደ ሥር ወደ ታች ይወርዳል።»

«ቶሎ ነው?»

«ጥፍርህ በሚያድግበት ፍጥነት ነው። ባታምነኝ መሥሪያ ቤታችን መጥተህ እይ።»

መጥቼ አየሁ። የዛሬ ስድስት ዓመት የልኬት ክፍልና የካርታ ክፍል ይዋሃዱ ተብሎ ነበር አሉ። ተዋሃዱ። ሁለቱም ኃላፊዎች ግን በየወንበራቸው አሉ፤ አንዳቸውም አልሰመጡም። ለምን? ወንድሜ ምክንያቱን ነግሮናል፣ እኔ ልጅ ስለሆንኩ አልደግመውም። በሁለቱ ቢሮ መሃል ያለው ኮሪደር ላይ ግን ፋይሉ ከፍ እያለ ሄዶ ዛሬ መስኮቱን ጋርዶታል። በጎን ተንሸራትቼ ነው ያለፍኩት። ተራራ ጫፍ ላይ የባሕር ዛጎል ይገኛል ብሎኝ ነበር። እኔም ከክምሩ አናት ላይ ከውህደቱ በፊት የተጻፈ ደብዳቤ አገኘሁ። «እጅግ አስቸኳይ» ይላል።

ኃላፊዎቹን እያማሁ አይደለም፤ ሁለቱም ፈርመውልኛል። አንዱ «እሱ ከፈረመ»፣ ሌላው «እሱ ከቀደመ» እያሉ ሦስት ሳምንት ካመላለሱኝ በኋላ ቅጹን ምሳ ቤት ጠረጴዛ ላይ ዘርግቼ ሁለት እስክሪብቶ ሰጠኋቸው። እኩል ጀመሩ።

አሁን ወደመጣሁበት ልግባ።

ወንድሜ የሚለካው ተራራ በዓመት አራት ሚሊ ሜትር ያድጋል። ዓመታዊ ቅጻችሁ ግን የሚቀበለው ሙሉ ሴንቲ ሜትር ብቻ ነው። ከግማሽ ሴንቲ ሜትር ካነሰ ዜሮ ይጻፋል። ስለዚህ በየዓመቱ ዜሮ ተጻፈ፣ ከሥሩም «ተራራው ባለበት ጸንቶ ይገኛል» ተባለ። አሥራ አንድ ጊዜ ዜሮ ስንት ነው? የሒሳብ አስተማሪዬ ዜሮ ነው ይላሉ። ተራራው ግን አርባ አራት ሚሊ ሜትር ነው ይላል።

ክቡር ዳይሬክተር፣ ስለዚህ ጉዳይ እርስዎ ዘንድ ገብቶ እንደነበር ነግሮኛል። «አራት ሚሊ ሜትር በዓይን ይታያል?» ብለው ጠየቁት። «አይታይም፣ ጌታዬ» አለ። «ታዲያ ለማይታይ ነገር ቅጽ እንቀይር ነው የምትለኝ?» አሉት። ማታ ይህን ሲያወራልኝ ሳቀ። ቀጥሎ ግን ሳህኑን ገፋ አደረገና «እንዲህ የሚገፋፋ መሬት አንድ ቀን በድንገት ይለቅና ይንቀጠቀጣል። ከሥሩ ቤት የሚሠራ ሰው ማወቅ አለበት» አለኝ። እራቱን አልጨረሰም።

ትክክለኛውን ቁጥር በዚህ ሰማያዊ ደብተር ሲጽፍ ኖሯል። አሥራ ሁለተኛው ፊርማ የቀረውም በዚሁ ደብተር ምክንያት ነው። የመዝገብ ቤት ኃላፊዋ፣ እናንተ እትዬ ማኅተም የምትሏቸው፣ ደብተሩን አገላብጠው አዩና «ልጄ፣ ይኼ ከታተመው ሪፖርት ጋር ይጣላል። መዝገብ ላይ አላስገባውም፤ መዝገብ ላይ ያልገባ ደግሞ ዓመቱ ሲዘጋ ይቃጠላል። ጠፍቷል በለኝና ልፈርምልህ» አሉኝ።

«አልጠፋም፣ እትዬ። እጄ ላይ ነው።»

«እሱን መች አጣሁት። በለኝ ነው ያልኩህ።»

አላልኩም። እሳቸውም ሳምንት ሙሉ ኮስተር ብለውብኝ ሰነበቱ። ዛሬ ጠዋት ግን ጠሩኝና ደብተሩ ሽፋን ላይ የመዝገብ ቁጥር ጻፉ። በእርሳስ ነው። «ዳይሬክተሩ ካዘዙ በቀለም አደምቀዋለሁ፣ ካልፈለጉ በላጲስ አጠፋዋለሁ። ከዚህ በላይ እኔ አቅም የለኝም» አሉ። ጡረታ ሊወጡ ስምንት ወር የቀራቸው ሴት ናቸው፤ ይህችም ትልቅ ነገር ናት።

ክቡር ዳይሬክተር፣ የምለምንዎት ይህን ብቻ ነው። ቅጹን ቀይሩ አላልኩም። ወንድሜን አሞግሱልኝም አላልኩም፤ ጎበዝ እንደነበር ቀብሩ ላይ ሁላችሁም ተናግራችኋል። የለካው ቁጥር እንዳለ፣ ሳይጠጋጋ፣ መዝገብ ላይ ይግባለት፤ የደብተሩ የመዝገብ ቁጥርም በቀለም ይጻፍ። እስከዚያ ድረስ ደብተሩ ከእኔ ጋር ይመለሳል፣ ክሊራንሱም ሳያልቅ ይቆያል። በእናንተው ሕግ ደግሞ ክሊራንስ ያልጨረሰ ሠራተኛ ሥራ ላይ እንዳለ ይቆጠራል። እኔ በበኩሌ አይከፋኝም።

ክቡራትና ክቡራን፣ ጉልበታችሁ ለደረጃው አይስነፍ። የምትፈርሙት ነገር እንቅልፍ አይንሳችሁ። ልጆቻችሁ «አባትሽ፣ እናትህ ምን ይሠራሉ?» ሲባሉ ቀና ብለው ይመልሱ። ቀኑ ሲደርስም ክሊራንሳችሁን በገዛ እግራችሁ አዙራችሁ፣ ንግግራችሁን በገዛ አፋችሁ አድርጋችሁ፣ ለስላሳውን ራሳችሁ ጠጥታችሁ ለመውጣት ያብቃችሁ።

አንድ ነገር ልጨምርና ላብቃ። አክስታችን ልታስተዛዝነኝ ከርማ በሄደች ማግስት፣ ብቻዬን የነቃሁበት የመጀመሪያው ጠዋት ነበር። አሥራ ሁለት ተኩል ላይ ደጃፋችን ላይ የመኪና ጥሩምባ ሰማሁ። ሾፌሩ ጋሽ ፍሬን ናቸው። ቀብሩ ላይ ክንዴን ይዘው የቆሙት እሳቸው ነበሩ። መስኮቱን ዝቅ አድርገው የስምሪት ወረቀቱን አሳዩኝ። የእሱ ስም አለበት።

«ማን ይሰርዘው?» አሉኝ። «ዛሬ ልኬት ነው ይላል። መሣሪያውም ተጭኗል።»

ዩኒፎርሜን ለብሼ ነበር። ደብተሩን ከራስጌው አንስቼ ገባሁ። ተራራው ላይ ደረስን። የልኬት ምልክት ያለበት የሲሚንቶ ምሰሶ ላይ መሣሪያውን አብረን ተከልን፤ እሑድ እሑድ ይዞኝ ይወጣ ስለነበር አውቀዋለሁ። የውሃ ልኩ አረፋ መሃል እስኪገባ ብሎኑን አስተካከልኩ። ከምሰሶው ምልክት እስከ መሣሪያው ያለውን ከፍታ እሱ እንደሚያደርገው ሦስት ጊዜ በሜትር ለካሁ። ሦስተኛው ከሁለቱ በአንድ ሚሊ ሜትር ተለየ። ሦስቱንም ደብተሩ ላይ ጻፍኩ።

«የለካው» በሚለው ሥር የእሱ ፊርማ ከላይ እስከ ታች ተደርድሯል። ጋሽ ፍሬን ፊታቸውን ወደ መኪናው አዞሩ። ከመጨረሻው ሥር የእኔን ፈረምኩና መሣሪያው ከሳተላይት የሚቀበለውን እስኪጨርስ፣ እስከ ዘጠኝ ሰዓት፣ ምሰሶው ጥግ ተቀመጥን።