ግማሽ ሱቅ፣ ሙሉ ስም

ሰዓት ሠሪው አባባ ወዲዕ በእስክንድርያ፣ በአጣሪን ሰፈር፣ ከአንዲት ሱቅ ሳይወጡ አርባ ዓመት የሠሩ ሰው ናቸው። በአርባኛው ዓመት ግን እጃቸው መንቀጥቀጥ ጀመረ። አንድ ጠዋት ነጅዋ የምትባል ወጣት የሟች አባቷን የእጅ ሰዓት ልታሠራ ገባች። ሽማግሌው ሰዓቱን ሲከፍቱ አንዲት ብሎን ከወረንጧቸው ሾልካ ወለሉ ላይ ወደቀች። ልጅቱ ጎንበስ ብላ አነሣቻትና እዚያው ቦታዋ ላይ አስገባቻት።

«ይህን እጅ ከየት አመጣሽው?» አሉ ተደንቀው።

«መነጽር መሥራት ተምሬአለሁ፣ አባባ። ሙያ አለኝ፤ መሥሪያ ቦታ ነው ያጣሁት። በዛሬ ዋጋ ሱቅ የሚከራየው ማን ነው?»

አባባ ወዲዕ በሚቀጥለው ወር ቁልፉን ለሱቁ ባለቤት ለሐጂ ሰርሓን ሊመልሱ ቆርጠው ነበር። የልጅቱ ነገር ግን ሆዳቸው ገባ።

«እንግዲያስ ግማሹን ላካፍልሽ» አሉ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው። «ማንም ቢጠይቅሽ የእህቱ ልጅ ነኝ በይ። እዚህ ሰፈር ሁሉም እንዲህ ነው የሚያደርገው።»

«እኔ ሙስሊም፣ እርስዎ ክርስቲያን! በምን ሒሳብ ነው የእህትዎ ልጅ የምሆነው?» ብላ ሳቀች።

«ቀልዱን ተይው። ሰው ማስገባቴን ሐጂ ካወቁ ያስወጡኛል። ኪራዬ በድሮው ርካሽ ተመን ስለሆነ ሰበብ ሲፈልጉ ነው የሚያድሩት።»

«ሰበቡን የሚሰጧቸው ሲደብቁ ነዋ! የኪራይ ሕጉ እኮ ባለሙያ ተከራይ ከመሥሪያ ቦታው ከፍሎ ለሌላ ባለሙያ ማከራየት ይችላል ይላል፤ ሙያቸው ባይመሳሰልም። ለባለቤቱም የኪራይ ጭማሪ አለው። ውሉ በጽሑፍ ይሁን እንጂ።»

«ሕግ ወረቀት ነው፣ ልጄ። ሐጂ ግን ደጄ ላይ መጥተው ይጮኻሉ።»

«ይጩኹ! ውሸትስ ዘበኛ ይፈልጋል። ደጅ ደጁን እያዩ እንዴት ይሠራሉ? እርስዎ ቢታመሙ ደግሞ እኔ የማን ነኝ ልል ነው?»

ይህች የመጨረሻዋ ቃል ሽማግሌውን ነካቻቸው። እስከዚያ ድረስ የራሳቸውን ፍርሃት እንጂ የልጅቱን ነገ አላሰቡትም ነበር። ከታናሽ ምክር መቀበል ውርደት የሚመስለው ብዙ ነው፤ አባባ ወዲዕ ግን ኮታቸውን አነሡና «ነይ፣ ውሉን አጽፈን ሐጂ ዘንድ እንሂድ» አሏት።

ሐጂ ሰርሓን ነገሩን ሰምተው ሳይጨርሱ ቱግ አሉ። «ሱቄን ለሁለት ልትሰነጥቀው? ቁልፉን ይመልስልኛል ብዬ ስጠብቅ!»

አባባ ወዲዕ የሚንቀጠቀጥ እጃቸውን ኪሳቸው ውስጥ ከተቱ። «ሐጂ፣ እጄ ደከመ እንጂ አልሞትኩም። ደብቄ ላደርገው እችል ነበር፤ ፊትህ የመጣሁት ስለማከብርህ ነው። ይኸው ውሉ፤ አንተም የሚደርስህ ተጽፎበታል። ለጠበቃህ አሳየው።»

ሐጂ ወረቀቱን ነጥቀው ወሰዱ። ሁለት ቀን ድምፃቸው ጠፋ። በሦስተኛው ቀን ሐጂ ራሳቸው ከሱቁ ደጃፍ ቆሙ።

«ከፍዬ የቀጠርኩት ጠበቃ እንኳ የናንተ ወገን ሆኖ አረፈው!» አሉ ፊታቸውን ኮስተር አድርገው። ቀጥለውም ቀስ ብለው፣ «ስንቱ ተከራይ በአማችና በአክስት ልጅ ሲያታልለኝ ኖሯል። ቀድመህ የነገርከኝ አንተ ብቻ ነህ፣ ወዲዕ» አሉ።

ዛሬ ነጅዋ በመስኮቱ በኩል መነጽር ትሠራለች፤ የሰዓቶቹንም ጥቃቅን ብሎን እሷ ታስገባለች። አባባ ወዲዕ ትልልቆቹን የግድግዳ ሰዓቶች ይዘው ከሚወዱት ሥራ ሳይለዩ ቀሩ። ሐጂም ጭማሪያቸውን በወቅቱ ያገኛሉ። ሕግን በግልጽ የያዘ ሰው ደጁን ከፍቶ ይሠራል፤ ሦስት ቤትም በአንዲት ሱቅ ይጠቀማል።

ታፔላ ጻፊው በመጣ ጊዜ የአባባ ወዲዕን ስም በትልቁ ጻፈና፣ «የልጅቱንስ ከሥር በትንሹ ላድርገው?» ሲል ጠየቀ።

«አጥፋው» አሉት አባባ ወዲዕ። «እንደገና ጀምርና እኩል አድርገህ ጻፈው።»