አማቴ ቤት «ጠግቤያለሁ» ስል

በእኛ ጊዜ፣ ከማል ልጄ፣ አማች አማቱ ፊት አፉን ከፍቶ አይበላም ነበር። እኛ ከወሎ መጥተን እዚህ አሶሳ ዙሪያ የሰፈርን ሰዎች እንዲያ ነው ያደግነው። አባቴ «አማት ፊት ማላመጥ ነውር ነው» ብሎኝ ነው የሞተው። አንተ «አማቶቼ ፊት ነሱኝ» ብለህ መጣህ፤ እኔ ደግሞ ደክሞኛል፣ ጉልበቴም እምቢ ብሏል፣ ግን ተቀመጥና ስማኝ።

ታዲያ እኔ የዚህን አገር ሰዎች፣ የበርታዎችን ልጅ አገባሁ፣ አሻን፣ ይቺን የምታያትን። እና እናቷ ዘንድ የሦስት ሰዓት የእግር መንገድ ነው፣ በዚያ ፀሐይ፣ ያኔ ባጃጅ የት አለና! ስደርስ የማሽላ ገንፎ በባሚያ ወጥ ይቀርባል፤ እና እኔ «ጠግቤያለሁ» እላለሁ። ሆዴ ይጮሃል፣ እኔ «ጠግቤያለሁ»! እንደገና እሄዳለሁ፣ እንደገና «ጠግቤያለሁ»። ማክበሬ ነበር፣ ገባህ?

ታዲያ አሻ የመጀመሪያ ልጃችንን እናቷ ቤት ወለደች። አርባ ቀኗ ሲያልፍ ላመጣት ሄድኩ። ገንፎው ቀረበ። «ጠግቤያለሁ» አልኩ። አማቴ ሳህኑን አነሱና፣ አማርኛቸው እንዲህ ነበር፣ «አንተ ምግብ የኔ ይጠላል። እጅ የኔ ቆሻሻ ነው? እንግዲህ ልጅ የኔ አይሄድም፣ ሕፃንም አይሄድም። ሂድ!» አሉኝ።

ደነገጥኩ። ወደ አሻ ዞሬ «እንዲህ እንደሚያስቡ ታውቂ ነበር?» አልኳት።

«አውቅ ነበር።»

«ታዲያ ለምን አልነገርሽኝም?»

«አንተስ ለምን እንደማትበላ መቼ ነገርከኝ? እኔም የናቅኸን መስሎኝ ነበር።»

ወላሂ ልጄ፣ አለቀስኩ። እና «እማማ፣ በእኛ ዘንድ አማት ፊት መብላት ነውር ነው፤ አክብሬዎት ነው እንጂ በረሃብ ልሞት ነው» አልኩ። አዩኝ፣ አዩኝና ሳቁ። «ይህን ሁሉ መንገድ መጣ፣ በረሃብ ተመለሰ? መጅኑን!» እብድ ማለታቸው ነው። ሳህኑን መለሱልኝ። እያፈርኩ፣ እንባዬም እየወረደ፣ ጠርጌ በላሁ። በማግስቱ ሚስቴንና ልጄን ይዤ ቤቴ ገባሁ።

እንግዲህ አክብሮትህን አንተ ብቻ ካወቅኸው ምን ይሠራል? ያን ሁሉ መንገድ፣ ያን ሁሉ ገንፎ! ሳስበው ራሱ ይደክመኛል። በል፣ አንተስ አማቶችህ ቤት ምን አጠፋህ?

«ምንም አላጠፋሁም አባባ። ቁጭ ብዬ ስልኬን አያለሁ እንጂ አንድም ክፉ ቃል አልተናገርኩ።»

ስልክህን ለምን ታያለህ?

«ቀና ብዬ ዓይናቸውን ለማየት አፍሬ ነዋ!»