አንድ ጊዜ ብቻ የሚያዝ ዓሣ

«ዛሬስ ዝናቡ እንደ ጉድ ነው አይደል ጋሼ? …ይክፈቱልኝ። ትንሽ ሰፋ… ጎሽ። ጃንጥላ ይዘዋል? አይ፣ ይያዙ እንጂ! በዚህ ዕድሜ ብርድ መመታት ጥሩ አይደለም። ባለቤትዎስ ደኅና ናቸው? ጉልበታቸውን ተሻላቸው? …ይቅርታ፣ አፍዎን አስከፍቼ እጠይቅዎታለሁ። ማደንዘዣው ከንፈርዎን ወፈር ወፈር አደረገው? በዓይንዎ አዎ ይበሉኝ። እሺ። እንግዲህ እርስዎ መናገር ስለማይችሉ እኔ ላጫውትዎ። የመሰርሰሪያ ድምፅ ብቻውን ሰው ያስጨንቃል።»

ወንበሩ ላይ የተጋደሙት አንድ ሰዓት ሠሪ ሽማግሌ ነበሩ፤ የተቦረቦረ መንጋጋ ጥርሳቸውን ሊያስሞሉ መጥተው። የጥርስ ሐኪሟ በቀኛቸው ክብ በርጩማ ላይ ተቀምጣለች። በግራቸው የምራቅ መምጠጫውን ቱቦ ይዞ የቆመው ረዳቷ ነው፤ ረዳቷ ደግሞ ባሏ ነው። አንድ መስኮት ባላት በዚህች ክፍል ሃያ ስድስት ዓመት አብረው ሠርተዋል። እሷ እጇን ስትዘረጋ እሱ ሳይጠየቅ ያቀብላታል፤ ቃል አያስፈልጋቸውም ነበር። ዛሬ ግን ከጠዋት ጀምሮ አንቱ እያለችው ነው። «መስታወቱን ያቀብሉኝ እባክዎን። መብራቱን ወዲህ ያድርጉልኝ እባክዎን።» ከዚህ በፊት አንቱ ያለችው ሁለት ጊዜ ብቻ ነው፤ አንደኛው የተዋወቁ ዕለት፣ ሁለተኛው መኪናዋን አጥር ላይ የሰቀለ ዕለት።

«እኔ ዝናብ ሲዘንብ ምን ትዝ እንደሚለኝ ያውቃሉ? ዓሣ! …አይሳቁ ጋሼ፣ መንጋጋዎ ይንቀጠቀጥብኛል። ጌም ነው። በቴሌቪዥን፣ በጆይስቲክ የሚጫወቱት የእርሻ ጌም። ልጄ አግብታ ከወጣች በኋላ ቤቱ ጭር አለብኝ። እና እኔና አንድ… አብሮኝ የሚኖር ሰው… ስማቸው ይቅር፣ ሰው ማማት አልወድም… ከራት በኋላ ሶፋው ላይ ጎን ለጎን ቁጭ ብለን እናርሳለን። አንድ እርሻ፣ ሁለት ገበሬ። እኔ ጎመኑን አጠጣለሁ፣ ላሟን አልባለሁ፣ አጥሩን አድሳለሁ፣ እንጨቱን እፈልጣለሁ፣ ዶሮዎቹን አስገባለሁ። እሳቸው ደግሞ… ዓሣ ያጠምዳሉ። ሥራ ተካፍለናል ማለት ነው።»

መሰርሰሪያው ጮኸ። ረዳቱ ቱቦውን ወደ ሽማግሌው ምላስ ሥር አስገባ።

«ዓሣ ማጥመዱ እንዴት ነው መሰለዎት? ክሩን ይጥላሉ፤ ዓሣዋ ስትነክስ ስክሪኑ ላይ ቀጭን ረጅም ሳጥን ይመጣል። እዚያ ውስጥ ዓሣዋ ሽቅብ ቁልቁል ትላለች። እርስዎ ደግሞ አንዲት አረንጓዴ ቁራጭ ይሰጥዎታል። ቁልፉን ሲጫኑ ትወጣለች፣ ሲለቁ ትወርዳለች። ዓሣዋ ከአረንጓዴዋ እንዳትወጣ መጠበቅ ነው፤ በቃ። ቀላል ይመስላል አይደል? ሃያ ስድስት ዓመት መንጋጋ የነቀልኩበት እጅ አንዲት ጣት የምታህል ዓሣ አልያዘም ብልዎት ያምናሉ? ስጫን ጣሪያ ትነካለች፤ ስለቅ ወለሉ ላይ ትፈጠፈጣለች። ዓሣዋ መሃል ላይ ቆማ ታዝንልኛለች።

«እሳቸው ግን! ኧረ ስጦታ ነው ጋሼ። እርስዎ ሰዓት ሠሪ ነዎት፣ እጅ ያውቃሉ፤ ቢያዩአቸው ይደነቃሉ። መጀመሪያማ እንደ እኔ ነበሩ። ግን አንድ ነገር ከያዙ የማይለቁ ሰው ናቸው። ወጥ ቤት ውስጥ የሚያንጠባጥብ ቧንቧ አለ፣ ሦስት ዓመቱ፤ እሱን ገና አልያዙትም። ዓሣውን ግን ያዙት። አንድ ወር ኩሬ ዳር ቆመው በትንንሾቹ ተለማመዱ። የተሻለ ዘንግ አገኙ፤ የቱ ዓሣ በየትኛው ሰዓት፣ በየትኛው ወንዝ እንደሚወጣ በደብተር ጻፉ። የእኔን የልደት ቀን እንኳ የጻፉበት ደብተር የለም! ምሥጢሩም ተገለጠላቸው። አይጫኑም አይለቁም ጋሼ፤ በአውራ ጣታቸው መታ መታ፣ መታ መታ ነው የሚያደርጉት። አረንጓዴዋ አየር ላይ ቀጥ ብላ ትቀራለች። ዓሣዋ ስትሮጥ አያሳድዷትም፤ ሄዳ ሄዳ ራሷ እስክትመለስ ይጠብቋታል። እንዲህ ያለ ትዕግሥት! እኔ ገበያ ገብቼ አሥር ደቂቃ ስዘገይ የመኪና ጥሩንባ የሚነፉት እኚሁ ሰው ናቸው ብልዎት አያምኑኝም።

«ትጋታቸውስ? አንድ የሥራ ቦታ… የት እንደሆነ ይቅር… አንዲት ሴትዮ ሰው ሠራሽ ጥርስ ልታሠራ የድድ ልክ የሚወሰድበት ሊጥ አፏ ውስጥ ገብቷል። በሦስት ደቂቃ መውጣት አለበት። ‹እኔ እቆጥራለሁ› አሉ እሳቸው። ለካ ስልካቸው ላይም ጌሙን ጭነውታል፤ ልክ ያኔ አንዲት አምባዛ ነከሰች። አሥራ አንድ ደቂቃ ጋሼ! ሊጡ ድንጋይ ሆነ። በአንድ እጄ ግንባሯን ይዤ፣ በአንድ እጄ… ተዉት፣ አሁን አፍዎን ከፍተው ይህን መስማት የለብዎትም። ግን አምባዛዋ አመለጠች? አላመለጠችም! ለሥራው እንዲህ የሚሟሟ ሰው ዛሬ የት ይገኛል?»

የሽማግሌው ዓይኖች ከሐኪሟ ላይ ተነሥተው ቀስ ብለው ወደ ረዳቱ ዞሩ። ረዳቱ ቱቦውን በጣም የሚያስፈልገው ይመስል ትኩር ብሎ አየው።

ይህን ሁሉ ችሎ ቆሟል። የአምባዛዋ ነገር የቆየ ነው፣ ተወቅሶበታል፣ አልፏል። እሱ የፈራው ሌላ ነው። በዚያ ጌም ውስጥ «ንጉሡ» የሚባል ወርቃማ ዓሣ አለ። ዝናብ ሲዘንብ ብቻ፣ ወንዙ ከሚታጠፍበት ቦታ ብቻ ይወጣል፤ በአንድ እርሻ ላይም አንድ ጊዜ ብቻ ይያዛል። ከተያዘ አለቀ፣ ሌላ የለም። ሚስቱ በጌሙ ቤት ሳሎን ውስጥ ለዚህ ዓሣ ብላ ግድግዳ የሚያህል የመስታወት ገንዳ አሠርታለች፤ ገንዳው ባዶውን ቆሟል። «ይህንንስ በገዛ እጄ ነው የምይዘው» ብላዋለች። እሱም «ማን ይነካብሻል» ብሎ ቃል ሰጥቷታል።

ከዚያ እሷ እህቷን ልትጠይቅ በሄደች ዕለት ጌሙ ውስጥ ዘነበ። ሊይዘው አልነበረም፤ እንዴት እንደሚነክስ ሊያይ ብቻ ነበር። ንጉሡ ነከሰ። ረዳቱ ሶፋው ላይ ምላሱን አውጥቶ፣ ሰውነቱ ግራ ቀኝ እየተወዛወዘ፣ መታ መታ፣ መታ መታ… ያዘው! ገንዳው ውስጥ አስገብቼ አስደንቃታለሁ ብሎ ሳያስብ አልቀረም። ነገር ግን አውራ ጣቱ ገና አልቆመም ነበር። ስክሪኑ «ይበላ?» ሲል ጣቱ መታ አለ። «በእርግጥ?» ሲል ደግሞ መታ አለ። ስክሪኑ ላይ ያለው ትንሹ ሰውዬ ንጉሡን በሁለት እጁ ወደ አፉ አነሣና በሦስት ጉርሻ ከነእሾሁ ጨረሰው። ረዳቱ ቴሌቪዥኑን አጥፍቶ በጨርቅ ሸፈነው፤ ከዚያ ንጹሕ የነበረውን መስኮት መወልወል ጀመረ።

አራት ሳምንት ሆነው፤ አልነገራትም። አሁንም ለራሱ «ልታውቅ አትችልም» አለ። «ዓሣው ተበልቷል። ማስረጃ የለም።»

«ከሁሉም የሚበልጠው ደግሞ ደግነታቸው ነው» አለች ሐኪሟ መሰርሰሪያውን አስቀምጣ። «ንጉሡ የሚባል ዓሣ አለ፣ እሱን ካልያዝኩ ብዬ ድርቅ አልኩ። ይኸው አራት ሳምንት፣ ጌሙ ውስጥ ዝናብ በጣለ ቁጥር ወንዙ ዳር ቆሜ ክር እጥላለሁ። እሳቸውም ከአጠገቤ አይለዩም። ሻይ ያፈሉልኛል። ‹ትንሽ ወደ ቀኝ ጣይው› ይሉኛል። ‹ዛሬ ባይመጣ ነገ ይመጣል› ይሉኛል። አውራ ጣቴ ሲያብጥ በገዛ እጃቸው ፕላስተር ለጠፉልኝ። ይኸው፣ በጓንቱ ውስጥ ያብጣል፣ ታየዎት? እንዲያውም ባለፈው ‹ጥላውን ያየሁት መሰለኝ!› ብለው ከሶፋው ዘለው ተነሡ። ለእኔ ደስታ ብለው እኮ ነው! …ጥጥ ያቀብሉኝ እባክዎን።»

ረዳቱ አቀበላት።

«ይህ ጉጠት ነው። ዛሬ የምንሞላ እንጂ የምንነቅል አይደለንም… ለጊዜው። አይደንግጡ ጋሼ፣ ለእርስዎ አይደለም። ጥጥ። አመሰግናለሁ። ምን እያልኩዎት ነበር? አዎ፣ ትናንት። ይህ ጌም ለካ መዝገብ አለው። ዓሦቹ ሁሉ በተራ ተስለዋል፤ ያልተያዘው ጥቁር ጥላ ነው፣ የተያዘው ቀለም አለው። እኔ አንድም ቀን ከፍቼው አላውቅም፤ ምን ይዤ ነው የምከፍተው? ትናንት ግን አንድ ሰው ገላቸውን ሲታጠቡ ቁልፉን ስነካካ ተከፈተ። ንጉሡ… ወርቁ ቦግ ብሎ! ርዝመቱ ሳይቀር ተጽፎ! ‹የተያዘ፦ አንድ› ይላል። ከሥሩ ደግሞ ምን ቢል ጥሩ ነው? ‹የተበላ፦ አንድ።›»

የምራቅ መምጠጫው የሽማግሌውን ጉንጭ ይዞ ተንጫጫ።

«ጉንጫቸውን ይልቀቁላቸው እባክዎን። …እኔ ታዲያ ተቆጣሁ ይመስልዎታል? ለምን ብዬ? የራበው ሰው ምን ያድርግ! እህቴ ዘንድ የሄድኩ ዕለት ድስት ሙሉ ምግብ ትቼ ነበር፤ ግን ምናልባት የበሰለ ነገር አይስማማቸው ይሆናል። የገረመኝ ጨዋነታቸው ነው። ሌላ ሰው ቢሆን ‹ዓሣው የለም፣ በልቼዋለሁ› ብሎ በአንድ ቃል ልቤን ይሰብረው ነበር። እሳቸው አልቻሉም። አራት ሳምንት ሙሉ ተስፋዬን ሻይ እያጠጡ አሳደጉልኝ። ባዶ ወንዝ ላይ ‹ወደ ቀኝ ጣይው› ማለት ቀላል ነው እንዴ? ሳይስቁ! እኔ ብሆን በሁለተኛው ቀን እስቃለሁ።»

ረዳቱ ጉሮሮውን ጠረገ። «እኔ እኮ…» ለማለት አፉን ሲከፍት ሐኪሟ የአየሩን መርጫ ተጫነችው፤ ፍሽሽሽ አለ። ጥርሱ ደረቀ፤ የረዳቱም አፍ አብሮ ደረቀ። መሙያውን ጥርሱ ውስጥ ጠቅጥቃ ሰማያዊውን መብራት አበራችበት። ሃያ ሰኮንድ ዝም መባል አለበት። ረዳቱ እየቆጠረ አሰበ፤ ሲጠፋ እናገራለሁ። በሽማግሌው ፊት ቢሆንም እናገራለሁ። ጣቴ ነው፣ ፈርቼ ነው፣ ይቅር በይኝ እላታለሁ። ዛሬ ማታ እኔ ላሟን አልባለሁ፣ አንቺ አረፍ በይ እላታለሁ። አሥራ ስምንት፣ አሥራ ዘጠኝ…

«ተጠናቀቀ!» አለች ሐኪሟ መብራቱን እያጠፋች። «ኮከብ የመሰለ ጥርስ ሆነልዎት ጋሼ። ይህን ወረቀት ይንከሱልኝ… ገጨት ገጨት… ጥሩ። እና ዛሬ ጠዋት፣ ሻዬን እየጠጣሁ፣ አዲስ እርሻ ጀመርኩ። ለብቻዬ። ባለ አንድ ገበሬ። በአዲስ እርሻ ንጉሡም አዲስ ነው፤ በሕይወት አለ፣ ወንዙ ውስጥ ይዋኛል። ገና ጎመን አልዘራሁም፣ ቤቴ ውስጥም አንድ ወንበርና አንድ አልጋ ብቻ ነው ያለው። ግን የአንድ ሰው እርሻ ምን ጥሩ ነገር እንዳለው ያውቃሉ? ሁለት ሰው ሲያርስ የጌሙ ቀን የሚያልቀው ሁለቱም ገበሬዎች ሲተኙ ነው። እኔ ሥራዬን ጨርሼ አልጋዬ ላይ ተጋድሜ፣ አንድ ሰው ‹ይህችን አንዲት ብቻ!› እያሉ ወንዝ ዳር… ስንት ጊዜ ጣሪያ ጣሪያውን ሳይ አምሽቻለሁ መሰለዎት? ዛሬ ጠዋት ግን ተኛሁ፤ ወዲያው ነጋ። እንዴት ደስ ይላል! የድሮውን እርሻ ሙሉውን ለእሳቸው ትቼላቸዋለሁ፤ ላሟንም፣ አጥሩንም፣ ገንዳውንም።

«በሉ ቀስ ብለው ይነሡ፣ ይታጠቡ። ሁለት ሰዓት ትኩስ ነገር እንዳይቀምሱ። ደግሞ ስለ እኚያ ሰው ክፉ የተናገርኩ እንዳይመስልዎት ጋሼ፤ እኔ ለእሳቸው የማስበው ደግ ደጉን ነው። ከንፈርዎ ሲመለስ አሜን ይበሉልኝ፦ እግዜር ዕድሜያቸውን ያርዝምላቸው። አውራ ጣታቸውን ይባርክላቸው። ወንዛቸው አይንጠፍ፣ ዘንጋቸው አይሰበር። የጣሉት ሁሉ ይያዝላቸው፣ የያዙትም ሁሉ ይስማማቸው። እስከፈለጉት ሰዓት ያምሹ፤ ቀናቸውም እንደ ልባቸው ይርዘም… አልጋ ላይ ሆኖ ከሚጠብቃቸው ሰው ለዘላለም ይገላግላቸው።»