የሊኔዮ ቤት ዋጋ

የዛሬ አራት ዓመት፣ በነሐሴ ማብቂያ ላይ፣ የጡረታ ጉዳዬን ላስፈጽም ብሉምፎንቴይን ገብቼ ወደ ታክሲ ተራው ስመለስ፣ ከአንዲት ሻይ ቤት ውስጥ «መምህር ንታይ» ብሎ የሚጠራ የሴት ድምፅ ሰማሁ። ዘወር ስል ሊኔዮ ናት። ታባ ንቹ ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት የሒሳብ አያያዝ ሳስተምራት፣ ሰሌዳው ላይ የተሳሳትኩትን ከሁሉም ቀድማ የምታይ ልጅ ነበረች። አሁን ሠላሳ ሁለት ዓመት ሞልቷት፣ ነርስ ሆና፣ በደንብ ትተዳደራለች።

ወንበር ሳብ አድርጋ አስቀመጠችኝና ሻዩ እስኪመጣ እንኳ ሳትታገሥ ወሬዋን በአንድ ትንፋሽ አወረደችው። ቤት ልትገዛ ነው። ሦስት መኝታ ቤት አለው፤ ወጥ ቤቱ የጠዋት ፀሐይ ያገኛል፤ በጓሮው ያለው የኮክ ዛፍ ሰሞኑን አብቦ ቅጠሉ አይታይም። ዋጋው አንድ ሚሊዮን ራንድ ነው። መቶ ሺሁን ቅድሚያ ክፍያ አጎቷ ይሰጣሉ፤ የጠበቃውንና የስም ማዛወሪያውን ወጪ እሷ ለብቻ አጠራቅማለች፤ ዘጠኝ መቶ ሺሁን ባንክ ሊያበድራት ተስማምቷል። የቀረው ፊርማ ብቻ ነው፤ እሱም ዛሬ፣ ባንኩ ዘጠኝ ሰዓት ተኩል ላይ ሳይዘጋ። እንደ ሙሽራ ፊቷ ያበራ ነበር።

አጎቷ ንታቴ ፎካ ግን («ንታቴ» በእኛ ቋንቋ «አባባ» ማለት ነው) ከጎኗ ተቀምጠው ባርኔጣቸውን ጉልበታቸው ላይ ያሽከረክራሉ። ሠላሳ አንድ ዓመት የባቡር ሐዲድ ሲዘረጉና ሲጠግኑ የኖሩ፣ ቀጭንና ጠንካራ ሰው ናቸው። የሊኔዮ እናት ስትሞት ልጅቱን ወስደው ያሳደጉ እሳቸው ናቸው። ሰላምታ ተለዋወጥን፤ ስለ ጤናዬ፣ ስለ ልጆቼ፣ ስለ ዝናቡ ጠየቁኝ። ለእህታቸው ልጅ ግን ፊታቸውን አላዞሩላትም።

ነገሩ ኋላ ነው የገባኝ። ባንኩ ሁለት ወረቀት ሰጥቷታል። አንደኛው በሃያ ዓመት የሚከፈል ሲሆን በወር 9,598 ራንድ ነው። ሁለተኛው በሠላሳ ዓመት የሚከፈል ሲሆን በወር 8,913 ራንድ ነው። የሁለቱም ወለድ እኩል አሥራ አንድ ተኩል በመቶ ነው። ሊኔዮ የሃያውን ትፈልጋለች። ንታቴ ፎካ ደግሞ የሠላሳውን ካልፈረመች መቶ ሺህዋ ከኪሳቸው እንደማትወጣ ጠዋት ታክሲ ውስጥ ነግረዋታል። ከዚያ ወዲህ አልተነጋገሩም።

«መምህር፣ እርስዎ የተማሩ ሰው ነዎት፤ ፍረዱን» አሉኝ ሽማግሌው። «ሰው ደመወዝ የሚቀበለው በወር ነው። ዱቄት የሚገዛው በወር ነው። እንግዲህ የወሩ ሸክም ያነሰው ይሻላል እንጂ የበዛው እንዴት ይሻላል? ይቺ ልጅ ባንክ በትንሽ ተቀበልኩሽ ሲላት፣ አይ በትልቅ ተቀበለኝ ትላለች።»

ዳኝነቱን አልተቀበልኩም። ሁለቱም ሐሳባቸውን ይንገሩኝ፤ እኔ ቁጥሩ እንዳይዛባ እጠብቃለሁ አልኩ። ሰው ገንዘቡን የሚሰጠው በቁጥር ብቻ ሳይሆን በፍርሃቱም ነውና፣ አስቀድሜ የሽማግሌውን ፍርሃት ማወቅ ፈለግሁ። ምን እንደሚያሠጋቸው ስጠይቃቸው ባርኔጣቸውን ማሽከርከር ተዉና የድሮ ጎረቤታቸውን ታሪክ አወሩን። ሰውዬው ከሳቸው ጋር ሐዲድ ላይ የሠራ ነበር። ወለድ ከሃያ በመቶ ባለፈበት ዓመት ወርሃዊ ክፍያው ከደመወዙ በለጠ። አራት ወር ሳይከፍል ቀረ፤ ቤቱ በሐራጅ ተሸጠ።

«አልጋውን ወደ መንገድ ያወጣሁለት እኔ ነኝ» አሉ ንታቴ ፎካ። «ሚስቱ ምድጃው አጠገብ ቆማ አይነካም ትል ነበር። አንሥቼ አወጣሁት። የሊኔዮን አልጋ ግን አላወጣም።»

ሊኔዮ ይህን ታሪክ እስከ ዛሬ ሰምታ አታውቅም ነበር። እጃቸውን ያዘችና ድምፅዋን ዝቅ አደረገች። ከዚያ በኋላ የተናገረችው ሁሉ ሙግት ሳይሆን ምክር ነበር፤ ያ ባይሆን ኖሮ ሽማግሌው የሚሰሟት አይመስለኝም።

የሠላሳውን ዓመት ወረቀት አውጥታ ሰባተኛውን ገጽ ገለጠች። «ማሎሜ፣ አጎቴ፣ እዚህ ጋ አብረን እንይ። መጀመሪያ ወር ላይ 8,913 ራንድ እከፍላለሁ። ከዚህ ውስጥ 8,625ቱ ወለድ ነው። ከቤቱ ዕዳ ላይ የሚቀነሰው ስንት እንደሆነ ይገምቱ።»

አጎቷ ገምተው ሺህ ይሆናል አሉ።

«288 ራንድ።»

ሽማግሌው ወደ እኔ አዩ። ወረቀቱን ተቀብዬ አነበብኩ። ልክ ነበረች። ባንኩም አልደበቀውም፤ ጥርት ባለ ፊደል ታትሟል። ሰባተኛ ገጽ ድረስ የሚያነብ ሰው ግን ጥቂት ነው።

«በሃያው ዓመትስ?» አሉ።

«የምጨምረው 685 ራንድ ነው። እሱ ግን ወለድ አይነካውም፤ በሙሉ ዕዳው ላይ ያርፋል። ስለዚህ ከዕዳዬ የሚቀነሰው 973 ይሆናል።»

ንታቴ ፎካ በቀላሉ የሚሸነፉ ሰው አይደሉም። ሻያቸውን ፉት ብለው ሌላ ክርክር አመጡ። ገንዘብ ይረክሳል፤ እሳቸው ሥራ ሲጀምሩ የወር ደመወዛቸው የነበረው ዛሬ አንድ ቦምቦሊኖ አይገዛም። የሊኔዮ ደመወዝ ያድጋል፤ ዘጠኝ ሺህ ራንድ ከሃያ ዓመት በኋላ የዳቦ ዋጋ ይሆናል። ታዲያ ማራዘሙ ምን ይጎዳል? እውነቱን ለመናገር፣ ባንክ ውስጥ ከሚሠሩ ሰዎች እንኳ ከዚህ የተሻለ ክርክር አልሰማሁም።

ሊኔዮ ሁለቱን ወረቀቶች ጎን ለጎን አደረገች። «እውነት ነው፣ ይረክሳል» አለች። «እንግዲያው ዘንድሮ የሚከብደኝ 685 ራንድ በሁለት ዓመት ውስጥ ይቀለኛል። አሥር ዓመት ግን መቼም አይቀልም፤ ሃምሳ ሁለት ዓመት ሲሆነኝ ዕዳዬ ያልቃል ወይስ ስድሳ ሁለት ሲሆነኝ? ወለድ ሲጨምርም ያ ረጅሙ ዕዳ አያድነኝም። በሁለት በመቶ ቢወጣ የሃያው ወደ 10,866፣ የሠላሳው ወደ 10,309 ይደርሳል። ዛሬ በ685 ይለያዩ የነበሩት ያን ቀን የሚለያዩት በ557 ነው። የጎረቤትዎ ዓይነት ቀን ሲመጣ፣ የሠላሳው ዓመት ጥላ ጠባብ ነው።»

ከዚያ ድምሩን ነገረቻቸው። ወለዱ ባለበት ቢቆይ፣ በሃያ ዓመት ለባንኩ የምትከፍለው ሁለት ሚሊዮን ሦስት መቶ ሺህ ራንድ ገደማ ነው። በሠላሳው ሦስት ሚሊዮን ሁለት መቶ ሺህ ይሆናል። በመካከላቸው ያለው ከዘጠኝ መቶ ሺህ ይበልጣል። ይህም ባንኩ ካበደራት ሙሉ ገንዘብ ይበልጣል ማለት ነው።

ንታቴ ፎካ አንድ ጥያቄ ጠየቁ። ለዘመዶቻቸው ሁሉ፣ «አምስት ዓመት ትክፈል እንጂ የቤቱ ዕዳ ወደ ግማሽ ይጠጋል፤ ያኔ እኔም እዚያ ገብቼ እጦራለሁ» ብለው ነበርና፣ በሠላሳው መንገድ ከአምስት ዓመት በኋላ ስንት እንደሚቀር ማወቅ ፈለጉ። ይህን ሊኔዮ አላሰላችውም ነበር። እኔ የስልኬን ማስያ አውጥቼ አሰላሁ፤ አላመንኩምና ደግሜ አሰላሁ።

«ከአምስት መቶ ሠላሳ ሺህ በላይ ከፍላ፣» አልኳቸው «ከዕዳው የሚቀነሰው ሃያ ሦስት ሺህ ነው። ስምንት መቶ ሰባ ሰባት ሺህ ገደማ ይቀራታል።»

ሽማግሌው ባርኔጣቸውን ጠረጴዛው ላይ አኖሩ። እኔም በዚያች ሰዓት ዝም ማለት ስላልሆነልኝ፣ ለማንም ነግሬው የማላውቀውን ነገርኳቸው። ሠላሳ ዓመት ሒሳብ ያስተማርኩ ሰው የራሴን ቤት ሒሳብ ሳላሰላ ኖሬአለሁ። ዕዳዬ ወደ መጨረሻው ሲቃረብ በቤቱ ላይ እንደገና ተበድሬ መኪና ገዛሁ፤ የወሩ ክፍያ ብዙም ስላልጨመረ ርካሽ መሰለኝ። መኪናው ተሰባብሮ ለቁርጥራጭ ብረት ከተሸጠ ዘጠኝ ዓመት ሆኖታል። እኔ ግን እስከ ዛሬ በየወሩ እየከፈልኩት ነው፤ ያን ዕለትም ከተማ የገባሁት ከጡረታዬ ተቆርጦ የሚተርፈኝ ስላልበቃኝ ነበር። ሊኔዮ አቀርቅራ ሰማችኝ። በተማሪዬ ፊት ባፍርም፣ መናገሬ ግን አልጸጸተኝም።

አንድ መካከለኛ መንገድም አቀረብኩ። የሠላሳውን ፈርማ በየወሩ የሃያውን ያህል ብትከፍልስ? በሒሳብ ያው ነው፤ ክፉ ቀን ሲመጣ ደግሞ ወደ ዝቅተኛው መመለስ ትችላለች። ሊኔዮ ሳቀች።

«መምህር፣ እኔ ያልተገደድኩትን አልከፍልም። ታኅሣሥ፣ የበዓሉ ሰሞን፣ ሲመጣ እጄ ይፈታል።»

«ጫማ» አሉ ንታቴ ፎካ፣ ከጠዋት ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ ፈገግ ብለው። «አሥራ አራት ጥንድ ጫማ አላት። እኔ ቆጥሬአለሁ።»

ራስን ማወቅ ትልቅ ሀብት ነው። ገንዘቡን አጥብቆ የሚይዝ ሰው በዚያ መንገድ ቢሄድ ይጠቀማል፤ እጁ የሚፈታበት ግን ውል ቢያስረው ይሻለዋል። ሊኔዮ የትኛዋ እንደሆነች ታውቃለች።

የቀረው የሽማግሌው እውነተኛ ፍርሃት ነበር። ብትታመምስ? ደመወዝ ቢዘገይስ? ይህን ጥያቄ የመለሱት ራሳቸው ናቸው። ከባቡር ሥራው የወጣላቸው መቶ ሠላሳ ሺህ ራንድ ነው። መቶ ሺሁ ለቅድሚያ ክፍያ ይሄዳል። በቀሪው ሠላሳ ሺህ ለራሳቸው ላም ሊገዙ አስበው ነበር። ጣታቸውን እያጠፉ ቆጠሩና፣ ሠላሳ ሺህ የሦስት ወር የቤት ክፍያ እንደሆነ ደረሱበት።

«ላሟ ትቅር» አሉ። «ገንዘቡ በእኔ ስም ለብቻው ይቀመጥ። ካልታመምሽ በስተቀር አትጠይቂኝ፤ ለጫማ ብትጠይቂኝ ደግሞ አላውቅሽም። ሦስት ወር የሚያቆምሽ ካለ፣ አልጋሽን ማንም አያወጣውም። እንግዲህ ሃያውን ፈርሚ።»

ሊኔዮ ተነሥታ በጩኸት አቀፈቻቸው፤ የሻይ ቤቷ ባለቤት ሰው የሞተ መስሏት ብቅ አለች። ሰዓቴን ሳይ ዘጠኝ ሰዓት ሊሆን አሥር ደቂቃ ነው የቀረው። ሦስታችንም ሽማግሌ ወጣት ሳንል በአደባባዩ በኩል በጥድፊያ ሄድን። ንታቴ ፎካ በሐዲድ ሥራ የጠነከረ እግራቸው ከእኔ ይፈጥናል፤ መንገድ ላይ የሚያውቁት ሰው ቢጠራቸው፣ ቤት ልንገዛ ነው ብለውት አለፉ።

ባንክ ውስጥ የተቀበለችን ሠራተኛ ትሑት ልጅ ነበረች። ሽማግሌው ከፊርማው በፊት ሦስት ነገር እንድትነግራቸው በጨዋ ደንብ ጠየቋት። የሃያው ዓመት ድምር ስንት ነው? ከውሉ በላይ ተጨማሪ ብንከፍል ቅጣት አለበት? የቤት መድንና የማዘጋጃ ቤቱ ግብር ከዚህ ውጭ በወር ስንት ይጨምራል? ልጅቷ አንድ በአንድ መለሰች፤ ተጨማሪ መክፈል ቅጣት የለውም፣ መድኑና ግብሩ ግን በየወሩ ወደ ሁለት ሺህ ይጠጋል። ሊኔዮ ይህንንም አስቀድማ በሒሳቧ ስለያዘችው አልደነገጠችም። ድምሩን የሚጠይቃት ሰው ብዙ ጊዜ እንደማያጋጥማት ልጅቷ ነገረችን። ሊኔዮ ፈረመች። አጎቷ እንደ ድንጋይ ጸንተው በምስክርነት ቆሙ፤ ከደጁ ስንወጣ ነው ዓይናቸውን የጠረጉት። ከዚያ ስልካቸውን አውጥተው ታባ ንቹ ላለች ሌላዋ እህታቸው ደወሉ፤ ልጅ እንደተወለደ ሁሉ «ሃያ ነው፣ ሃያ» ብለው አበሠሯት።

እነሆ አራት ዓመት አለፈ። ወለዱ አንዴ ወጣ፣ አንዴ ወረደ። ሊኔዮ አንድ ጊዜ ወገቧን ታማ ሥራ ስታቆም ከአጎቷ ገንዘብ የሁለት ወሩን ተጠቅማ፣ በዓመቱ መልሳ ተክታለች። በየዓመቱ ከመሥሪያ ቤቷ የምታገኘውን ቦነስ፣ ሃያ ሺህ ራንድ፣ ከጫማ ቤት አስቀድማ ዕዳው ላይ ታሳርፈዋለች። ይህ ብቻውን ሃያውን ዓመት ወደ አሥራ ሦስት ያህል ያወርደዋል። ዛሬ ዕዳዋ ሰባት መቶ አምሳ ሺህ ገደማ ነው፤ በሠላሳው መንገድ ሄዳ ቢሆን ኖሮ ስምንት መቶ ሰማንያ ሺህ አካባቢ ይሆን ነበር። እኔም ከተማሪዬ ተምሬ፣ ከጡረታዬ ላይ በወር ሁለት መቶ ራንድ እየጨመርኩ የዚያን የሞተ መኪና ዕዳ ወደ ማለቂያው አድርሼዋለሁ።

ከሁሉም የገረመኝ ግን የንታቴ ፎካ ለውጥ ነው። ባለፈው ወር በዕድራቸው ስብሰባ ላይ ነበርኩ። አንድ ወጣት አባል አዲስ መኪና መግዛቱን ሲያበሥር ሰዉ አጨበጨበለት፤ ሴቶቹም እልል አሉ። ንታቴ ፎካ ጭብጨባው እስኪያልቅ ጠብቀው ተነሡና ስንት እንደገዛው ጠየቁት።

«በወር አምስት ሺህ ሁለት መቶ ነው፣ ንታቴ።»

«የወሩን አልጠየቅሁህም» አሉት።

 ወጣቱ ስልኩን ከኪሱ አወጣና፣ ሰዉ ሁሉ እያየው ማባዛት ጀመረ።