የጋቢናው ክብር

እንዴት ዋልሽ ሉባባ? ነይ እስቲ፣ ጥላው ሥር ተቀመጭ። ጥር ነው ይሉናል፤ የገንዳ ውሃ ፀሐይ ግን ወር አትጠይቅም። ይቺ የሱዳን ቶብሽ አዲስ ናት መሰለኝ… ቀለሟ እንዴት ይስማማሻል። ካርካዴው በርዷል፣ ቅጂና ጠጭ። እኔ ይቺን ሰሊጥ እያበጠርኩ አወጋሻለሁ። እጅ ሥራ ሲይዝ አፍ ብቻውን ሥራ ፈት ሆኖ መቀመጥ አይወድም።

ሕፃኗማ ደህና ናት፣ ከእናቷ ጋር ውስጥ ተኝታለች። ነገ ክርስትናዋ አይደል? አባቷ አይከል ካልሆነ አሉ። የአባት አገር ነው፤ እናታቸውም እዚያው ደግሰው ይጠብቃሉ፤ ደግ ነው። የምንሄደውም በዚችው መኪና ነው… እይማ እንዴት አድርገው እንዳጠቧት። ጎማዋ ሳይቀር ያበራል። ከማለዳ ጀምሮ ከኮፈኗ ሥር አልወጡም። ውሃዋን ያያሉ፣ ዘይቷን ያያሉ፣ ባትሪዋን ይወለውላሉ። እንዲህ ያለ ትጉህ አማች ከዚህ ሰፈር ማን አላት? ስማቸውን እንኳ አልጠራም፤ አማት ሆኜ የአማቼን ስም ብጠራ ነውር ነው። አይዞሽ፣ አይሰሙንም። ሰው ጭንቅላቱን ሞተር ውስጥ ሲከት ጆሮውም አብሮት ይገባል… አይገባም እንዴ?

አንቺማ ሕፃኗ ሰሊጤ የተወለደች ጊዜ ጎንደር ልጅሽ ዘንድ ነበርሽ፤ ወሬው አልደረሰሽም። ሰሊጤ ስል ደግሞ አባቷ አይወዱትም። ስሟ ሌላ ነው ይላሉ። እኔ ግን ምላሴ ለምዶት… ምን ላድርግ፣ ዕድሜ ነው።

ያኔ ልጄ አይናለም ወሯ ገብቶ ነበርና ወደ ቤቴ ላመጣት ኮኪት እነሱ ቤት ሄድኩ። የመጀመሪያ ልጅ እናት ቤት አይደል የሚወለድ? እዚያ በደረስኩ በማግስቱ ጠዋት ምጡ ጀመራት። ወደዚህ ወደ ገንዳ ውሃ ሆስፒታል እንሂድ ተባለ። እኔ ከልጄ ጋር ከኋላ ልሁን ብል እሳቸው ምን ቢሉኝ ጥሩ ነው? እማማ ሀብትነሽ፣ እርስዎ ጋቢና ነው የሚቀመጡ፤ አማቴን ከኋላ አስቀምጬ እኔ መሪ ብይዝ ሰው ምን ይለኛል? እውነት ነው… ሰው ምን ይላል። ልጄን ከኋላ አጋደምናት፣ እኔ በክብር ጋቢና ገባሁ።

እሱ ብቻ መሰለሽ? ሙቀቱ እንዳይጎዳኝ ብለው ከሱዳን የመጣች ትንሽ ማራገቢያ ገዝተው፣ ሽቦዋን ራሳቸው ከዳሽቦርዱ ሥር ጎትተው ቀጥለው፣ ልክ ከፊቴ ሰቅለዋታል። የምታምጠዋ ከኋላ፣ ነፋሱ ወደ እኔ። አማት ማለት ምን ያህል የከበረች ፍጥረት እንደሆነች ያን ቀን ነው የገባኝ።

ኮኪትን ለቀን ትንሽ እንደሄድን ማራገቢያዋ ቀጥ አለች። የተቃጠለ ነገር ሸተተኝ። ከዚያ መኪናዋ… ቀስ በቀስ እንቁላል በእግሩ ይሄዳል ይባል የለ? የእኛዋ ቀስ በቀስ ቆመች። ግራና ቀኙ ማሽላ ነው፣ ቤት የለ፣ ሰው የለ። ቁልፉን ሲያዞሩት ማስነሻው ሞተሪኖ ይሽከረከራል፣ ሞተሩ ግን እንቢ።

ያኔ ነው የሰውየውን ሙያ ያየሁ። ኮፈን ከፈቱ። ባትሪ ነካኩ፣ ካንዴላ ነቅለው ጠረጉ፣ የማላውቀውን የጎማ ቱቦ ሁሉ አፋቸውን ገጥመው ነፉበት። በየመሀሉ ወደ እኔ በር ይመጣሉ። በሩን ይከፍቱና እግሬን ያያሉ፣ ይቀላሉ፣ ከዚያ ፀሐዩ አልበረታብዎትም ወይ ይሉኛል። አልበረታብኝም እላለሁ፤ በሩን ይዘጉታል። ተመልሰው ወደ ኮፈኑ። ደግሞ ይመጡና እግሬን አይተው ውሃ ያቀብሉኛል። ሌላ ጊዜ ማንጎ። እኔም እግዜር ይስጥልኝ እላለሁ… በልቤ ግን ሰው ሚስቱ እያማጠች የአማቱን እግር ምን ያያል እያልኩ ቀሚሴን ወደ ታች እስባለሁ።

ከቦታዬ እንዳልነሳ ደግሞ አይናለም ከኋላ እጄን አንቃ ይዛኛለች። ወገቤን አዙሬ እሷን አያለሁ። ከንፈሯ ደርቋል፣ መጮኹንም ተወችው። ሉባባ፣ ፈራሁ። ቀልድ አይደለም፣ ልጄን የማጣት መስሎኝ ነበር። ከዚያ ቀን በኋላ ማሽላ ሲወዛወዝ ባየሁ ቁጥር ፊቴን አዞራለሁ።

ሳይደግስ አይጣላ፣ አንድ አይሱዙ ብቅ አለ። የሰሊጥ ጆንያ ጭኗል፤ ከጆንያው ላይ ደግሞ የጎጃም ልጆች፣ አጨዳቸውን ጨርሰው ወደ አገራቸው የሚገቡ። የእኛ ሰው መሀል መንገድ ገብተው እጃቸውን ዘረጉ፣ ፊሽካቸውን ነፉ። ሥራቸውንማ ታውቂያለሽ፤ ያን ቀን እንኳ የትራፊክ ልብሳቸውን እንደለበሱ ነበሩ። ሰው በጭነት ላይ ተቀምጦ ካዩ እንቅልፍ አይወስዳቸውም። ልጆቹም ያውቋቸው ኖሯል፣ ገና ፊሽካው ሲሰማ ዱብ ዱብ እያሉ ማሽላው ውስጥ ጠፉ። ሾፌሩ ታጠቅ የሚሉት ልጅ ነው። መንጃ ፈቃዱን በሁለት እጁ ይዞ፣ ላብ በላብ ሆኖ ወረደ። እንዲያው ዛሬ ብቻ ይማሩኝ፣ ልጆች አሉኝ እያለ ይለምናቸዋል።

እሳቸው መንጃ ፈቃዱን ተቀብለው አገላብጠው አዩት… ልማድ ነዋ። ከዚያ መለሱለትና ባለቤቴን ከጭነቱ ላይ ጫንልኝ አሉት። ምነው ሳቅሽ? አትሳቂ። ሕግ የወጣ ለሌላ ሰው ነው እንጂ ሕግ ለሚያስከብርማ ምኑ ይከብዳል?

እነዚያ ልጆች አንድ አንድ እያሉ ከማሽላው ወጡ። በጋቢናው መቀመጥ አትችልም፣ መጋደም አለባት ብለው ጋቢያቸውን ከጆንያው ላይ አነጠፉላት። ተሸክመው አወጧት። ፀሐይ እንዳይነካት አራቱ ነጠላዬን በየጫፉ ወጥረው ያዙ። እኔንም ጎትተው አወጡኝ፤ እንደኔ ያለች አሮጊት ከሰሊጥ ጆንያ ላይ ስትወጣ ማየት ነበረብሽ። እሳቸው ግን ቀሩ። የቆመ መኪና መንገድ ዳር ጥሎ መሄድ ያስቀጣል፣ እናንተ ሂዱ፣ እደርሳለሁ አሉ። አየሽ? እዚህ ላይ ሕጉን አልረሱም።

የሆስፒታሉ በር ላይ ስንደርስ፣ ገና ሳንወርድ፣ እዚያው ከጆንያው ላይ ተወለደች። ልጆቹ ፊታቸውን አዙረው ነጠላውን እንደወጠሩ ነበሩ። ጩኸቷን ሲሰሙ አንደኛው ሰሊጤ በሏት አለ። ይኸው ሰሊጤ ሆነች።

ይኸን ጊዜ ነው እንግዲህ ከኋላችን ጥሩምባ የሰማነው። ዞር ስል… ይቺ መኪና። እየበረረች። አቧራዋ እኛን ቀድሞ ገባ። እሳቸው ወረዱ፣ ላባቸውን ጠረጉ። ምን ሆና ነበር አልኳቸው። ተማም ናት፣ ደህና ናት፣ ሙቀት ነው፣ ትንሽ አረፈችና ተነሳች አሉኝ። እኔም እሰይ አልኩ። ከቤተሰቡ አንዷ እንኳ ያን ቀን እረፍት አግኝታለች።

ነገሩን ትቼው ነበር እኮ። ምን ቸገረኝ። ልጄ ደህና፣ የልጅ ልጄ ደህና። ከሆስፒታል ስንወጣ ግን ያው እንደ ልማዴ ጋቢና ተቀመጥኩ። መርፌ ቁልፌ ወድቆብኝ ጎንበስ ብል… ከእግሬ አጠገብ፣ ከዳሽቦርዱ ሥር፣ ክዳን የሌላት ትንሽ ሳጥን። ቀይ፣ ሰማያዊ፣ ቢጫ፣ እንደ ዶቃ የተሰካካ ነገር። ከመሀሉ አንዱ ብር መስሎ ያበራል። ጠጋ ብዬ ሳየው የማስቲካ ወረቀት ነው።

ወንድምሽን ኸሊፋን ሱቁ ሄጄ ጠየቅሁት። እሱ የመኪና ዕቃ ነጋዴ አይደል፣ በአንድ አፍታ አስረዳኝ። ይቺ መኪና ስትመጣ መሪዋ በቀኝ ነበር አሉ፤ እዚህ ወደ ግራ አዞሩት። የፊውዝ ሳጥኗ ግን እዚያው በቀኝ ቀረች። ስለዚህ ከሾፌሩ ሳይሆን ከጋቢናው እግር ሥር ነው ያለች። ማራገቢያዋ የተቀጠለችበት መስመር ደግሞ ነዳጅ የሚስበውም መስመር ኖሯል፤ ፊውዙ አልቻላትም፣ ተቃጠለ፣ መኪናዋም ቆመች። ነገርን ከሥሩ፣ ውሃን ከጥሩ ይላሉ። ለካ ነገሩ ከእኔው ሥር ነበር። እኛ አይሱዙ ላይ እስክንወጣ ሰውየው መኪናዋን አልነበረም ሲያክሙ የቆዩት… ጉልበቴ እስኪነሳ ነበር ሲጠብቁ የቆዩት።

አስቢው እስቲ ሉባባ። የመተማን ሾፌር ሁሉ ውረድ የሚሉ ሰው ናቸው። ነጋዴውን ውረድ፣ ባጃጁን ውረድ፣ የቀበሌውን ሊቀ መንበር ሳይቀር ውረድ ብለዋል። እኔን ግን "እማማ፣ ትንሽ ይውረዱ" ማለት አቃታቸው። ከአማት ጉልበት ሥር እጅ መስደድ ነውር ነው፣ አማትን ተነሽ ማለት ነውር ነው። አክብሮት! ሚስት ትቆይ፣ ልጅ ትቆይ፣ የአማት ክብር እንዳይጓደል። እኔስ እንዲህ አክብሮኝ የሚያውቅ ሰው የለም፤ የሞተው ባሌ እንኳ ቢሆን ገፍቶኝ ነበር ፊውዙን የሚያይ።

የማስቲካ ወረቀቱንም ጠየቅሁት። ኸሊፋ ራሱን ያዘ። ፊውዝ ማለት እሱ ተቃጥሎ ሽቦውን የሚያድን ነው አለኝ። ወረቀት ከጠቀለልሽበት አይቃጠልም፤ የሚቃጠለው ሽቦው ነው፣ ከሽቦው ደግሞ መኪናው። ከመጠምጠም መማር ይቅደም ይባል የለ? አንዳንድ ሰው መጠምጠሙን ያስቀድማል… ለመማሩ ጊዜ አላቸው። እስከ ዛሬ እኮ እንደተጠመጠመ ነው። መኪናዋ እንዴት ናት ባልኳቸው ቁጥር ተማም ይሉኛል። ነገ የነጋዴ ባሕርን ዳገት ልትወጣ ነው። ከነሰሊጤ። ሌሊት እሱን ሳስብ ነው የማድረው፣ አልደብቅሽም።

ለመሆኑ በምን አፌ ልንገራቸው? አማት አማቿን፣ ይኸ ጎድሎብዎታል ትላለች? እሳቸው ያፈሩኝን ያህል እኔም አፍራቸዋለሁ። እናም ከኸሊፋ ዘንድ አንዲት ሰማያዊ ፊውዝ አመጣሁ፤ ልኳ እሷ ናት ብሎኛል። ዛሬ ማለዳ መኪናዋን ሳያጥቡ ገብቼ ከጋቢናው ወንበር ላይ፣ ከነጭ መሐረብ ላይ፣ በክብር አስቀመጥኳት። ጋቢና የክቡራን ቦታ አይደል? ነገ እሷ ጋቢና ትቀመጥ፤ እኔ ከኋላ ከልጄ ጋር ነኝ። ማራገቢያውንም ወደ እሷ ያዙሩላት።

እንዳልረሳው… ታጠቅ ደውሎልኝ ነበር፣ ያ የአይሱዙው ልጅ። ሰሊጤ እንዴት ናት አለ። ነገ ወደ ጎንደር ሰሊጥ ይጭናል አሉ፣ በዚያው በእኛ መንገድ። ከኋላ ከኋላችን ብትከተለን ምን አለበት አልኩት። ለሌላ እንዳይመስልሽ። ክርስትና አጃቢ ይወዳል።

ዝም በይ እስቲ… ኮፈኗን ዘጉት። ወዴት ዞሩ? ወደ ጋቢናው በር። አትዪያቸው፣ ወደ ሰፌዱ እይ። ከፈቱት? መሐረቡን አነሱ… ቆሙ። አየሽ ጆሯቸው እንዴት ቀላ? ፀሐዩ ነው፣ ሌላ ምን ይሆናል። ጎንበስ አሉ። እይ ሉባባ፣ የሰው ጉልበት ከሌለበት እንዴት ቶሎ ጎንበስ ይላሉ! ወረቀቷን ነቀሏት። ጣሏት። ሰማያዊዋን ሰኩ… ቁልፉን አዞሩት… ተነሳች። ሰማሽ ድምፅዋን? እኔ እኮ መቼም ሙያቸውን ተጠራጥሬ አላውቅም።

እየመጡ ነው፣ እጃቸውን ሊታጠቡ። ቶብሽን አስተካክይ፣ አማች ናቸው…

እሰይ፣ ደከሙ፣ የኔ ጌታ። ውሃው እዚያ ነው፣ ሳሙናውም። እግዜር ያክብርዎ፤ እርስዎ እኔን እንዳከበሩኝ ያክብርዎ። ሰሊጤን አሳድገው፣ ለወግ ለማዕረግ አብቅተው ይዳሯት። ስትዳርም ልክ እንደ እርስዎ ያለ ዓይነ አፋር፣ አማቱን የሚያከብር አማች ይስጥዎ። የምጧ ቀን ሲደርስ ደግሞ እርስዎን ጋቢና ያስቀምጥዎ… አሜን ይበሉ እንጂ።